ለግብዣ የሚቀርቡ ትንንሽ ፒዛዎች

ምንባብ

በኢጣሊያ ከተሞች ቀኑ መሽቶ መብራት ሲበራ፣ ሰው ከሥራው ወጥቶ ለራት ወደ ቤቱ ከመግባቱ በፊት ቡና ቤት ጎራ ብሎ ከወዳጆቹ ጋር አንድ ብርጭቆ የሚጠጣበት ሰዓት አለ። ይህ ልማድ «አፔሪቲቮ» ይባላል። ስያሜው «መክፈት» የሚል ትርጉም ካለው የላቲን ቃል የመጣ ሲሆን፣ የሚከፈተውም የምግብ ፍላጎት ነው። በዚህ ሰዓት ከመጠጡ ጋር ከሚቀርቡት ጥቃቅን ምግቦች መካከል በአንድ ጉርሻ ወይም በሁለት የሚያልቁ፣ ስፋታቸው ከ6 ወይም ከ7 ሳንቲ ሜትር የማይበልጥ ክብ ክብ ፒዛዎች ይገኛሉ። ኢጣሊያውያን አንዷን «ፒዜታ»፣ ሲበዙ ደግሞ «ፒዜቴ» ይሏቸዋል፤ ትርጉሙም ትንሽ ፒዛ ማለት ነው። በልጆች የልደት በዓል፣ በክርስትናና በምረቃ ግብዣም አይጠፉም፤ በኬክ ቤቶችም በኪሎ እየተመዘኑ ይሸጣሉ።

ፒዜታን ያላየ ሰው ስሟን ብቻ ሰምቶ፣ እናት እንጀራ ጋግራ ስትጨርስ በተረፈው ሊጥ ለልጇ የምታወጣትን እንጎቻ ትመስለው ይሆናል። መልካቸው በእርግጥ ይቀራረባል። ዳሩ ግን እንጎቻ በዚያው ሊጥ፣ በዚያው ምጣድ፣ በዚያው እሳት የምትበስል የእንጀራ ታናሽ ናት። ፒዜታ ግን እንዲህ አይደለችም። ትልቁን ፒዛ አሳምሮ የሚጋግር ሰው፣ ያንኑ ሊጥና ያንኑ አሠራር ይዞ ትንሿን ሲሞክር፣ ብዙ ጊዜ ወይ እንደ ድንጋይ የደረቀች ወይም መካከሏ እንደ ገንፎ የላቆጠች ነገር ከምድጃ ያወጣል። እንግዳ ደጅ ላይ ቆሞ ሳለ ይህ መድረሱ ደግሞ ቀላል ኀፍረት አይደለም። የችግሩ ምክንያት የሚገኘው ትልቁ ፒዛ በተወለደበት ምድጃ ውስጥ ነው።

«ፒዛ» የሚለው ቃል ጥንታዊ ነው። እ.ኤ.አ. በ997 በደቡብ ኢጣሊያ በምትገኘው በጋኤታ በላቲን በተጻፈ አንድ የውል ሰነድ ላይ፣ ተከራዩ በልደትና በትንሣኤ በዓል ለጳጳሱ ዐሥራ ሁለት ዐሥራ ሁለት ፒዛ እንዲሰጥ መታዘዙ ተመዝግቧል። በዚያን ዘመን ግን ቲማቲም በኢጣሊያ አልነበረም፤ ከአሜሪካ ወደ አውሮፓ የገባው በ16ኛው መቶ ዓመት ነውና። ዛሬ የሚታወቀው ፒዛ መልኩን የያዘው የናፖሊ ከተማ ድኻ ሕዝብ በየመንገዱ እየገዛ ሲመገበው ነው። ንግሥት ማርጌሪታ እ.ኤ.አ. በ1889 ወደ ናፖሊ በመጡ ጊዜ፣ ራፋኤሌ ኤስፖዚቶ የተባለ ጋጋሪ ቲማቲም፣ ሞዛሬላ የተባለ አይብና ባዚሊኮ የተባለ ቅጠል ያረፈበት ፒዛ እንዳቀረበላቸውና ፒዛው በስማቸው እንደ ተጠራ ይነገራል። ታሪክ ጸሐፊዎች ትረካውን በጥርጣሬ ይመለከቱታል፤ የናፖሊ ሰው ግን እንዲህ ያለውን ጥርጣሬ መስማት አይወድም። የከተማዋን ፒዛ ጋጋሪዎች ጥበብ ዩኔስኮ እ.ኤ.አ. በ2017 በማይዳሰሱ የሰው ልጅ ቅርሶች መዝገብ ውስጥ አስፍሮታል።

የናፖሊ ፒዛ የሚጋገረው እንጨት በሚነድበት ጉልላታማ የጡብ ምድጃ ውስጥ ነው። የምድጃው ሙቀት እስከ 485 ዲግሪ ሴንቲግሬድ ስለሚደርስ፣ ፒዛው በ60 እና በ90 ሴኮንድ መካከል በስሎ ይወጣል። በዚህ አጭር ጊዜ ሊጡ ውሃውን ለማጣት ፋታ አያገኝም፤ ስለዚህ ውጩ ጠበስ፣ ውስጡ ለስለስ ያለ ይሆናል። በየመኖሪያ ቤቱ የሚገኘው የኤሌክትሪክ ወይም የጋዝ ምድጃ ግን አብዛኛውን ጊዜ ከ250 ዲግሪ ብዙም ስለማያልፍ፣ ፒዛው ዐሥር ደቂቃና ከዚያ በላይ በውስጡ ይቆያል። ትልቁ ፒዛ ይህን ሁሉ ደቂቃ የሚቋቋመው ሰፊው ገጹ በቲማቲም ስለ ተሸፈነ ነው። ትንሿ ይህ መጠለያ የላትም።

ነገሩን በስሌት ማሳየት ይቻላል። ስፋቱ 30 ሳንቲ ሜትር የሆነ ፒዛ ዙሪያውን 1 ሳንቲ ሜትር ጠርዝ ባዶ ቢተውለት፣ ከገጹ 87 በመቶ ያህሉ ይሸፈናል። ስፋቷ 6 ሳንቲ ሜትር በሆነ ፒዜታ ላይ ያው 1 ሳንቲ ሜትር ቢተው ግን የሚሸፈነው 44 በመቶ ብቻ ነው፤ ከግማሽ የሚበልጠው ባዶ ዳቦ ሆኖ ይቀራል ማለት ነው። ከዚህም ሌላ የአንድ ባለ 30 ሳንቲ ሜትር ፒዛ ገጽ 25 ፒዜቴ ይወጣዋል፤ የሃያ አምስቱ ጠርዝ ሲደመር የትልቁን አምስት እጥፍ ይሆናል። እርጥበት የሚያመልጠው ደግሞ በዚያ ባልተሸፈነ ጠርዝ ነው። ስለዚህ ፒዜታ ወፈር ትላለች፣ ጠርዟም ከግማሽ ሳንቲ ሜትር አይበልጥም፤ በላይዋ የሚያርፈውም ውሃው አስቀድሞ የተቀነሰለት መሆን አለበት።

ለ40 ፒዜቴ የሚሆነው ሊጥ የሚዘጋጀው ከ500 ግራም ፉርኖ ዱቄት፣ ከ300 ሚሊ ሊትር ለብ ያለ ውሃ፣ ከ10 ግራም ጨው፣ ከአንድ የሻይ ማንኪያ ደረቅ የዳቦ እርሾና ከሁለት የሾርባ ማንኪያ የወይራ ዘይት ነው። (እግረ መንገድን፣ «ፉርኖ» የሚለው ቃል ራሱ ከኢጣሊያንኛ የመጣ ነው። በዚያ ቋንቋ «ፎርኖ» ምድጃ ወይም ዳቦ መጋገሪያ ቤት ነው፤ ወደ አማርኛ ሲሻገር ግን ምድጃውን ትቶ የነጩ ዱቄት መጠሪያ ሆነ።) በናፖሊ ፒዛ ሊጥ ውስጥ ዘይት አይገባም፤ በፒዜታ የሚገባው ሊጡ በረጅሙ የምድጃ ቆይታ እንዳይደርቅ ነው። ሊጡ ለዐሥር ደቂቃ ያህል በሚገባ ከታሸ በኋላ፣ ልሙጥ ሆኖ ከእጅ መላቀቅ ሲጀምር፣ በንጹሕ ጨርቅ ተሸፍኖ ሙቀት ባለበት ስፍራ ይቀመጣል። በአንድ ሰዓት ተኩል ወይም በሁለት ሰዓት ውስጥ ኩፍ ብሎ እጥፍ ይሆናል። እንደ አዲስ አበባ ባሉ ደጋማ ከተሞች የአየሩ ግፊት አነስተኛ ስለ ሆነ ሊጥ ፈጥኖ ይነሣል፤ ስለዚህ ሊታይ የሚገባው ሊጡ እንጂ ሰዓቱ አይደለም።

ኩፍ ያለው ሊጥ እያንዳንዳቸው 20 ግራም በሚመዝኑ ድቡልቡሎች ይከፋፈላል። ብዙዎች ሊጡን በሰፊው ዳምጠው በብርጭቆ አፍ ክብ ክቡን መቁረጥ ይቀላቸዋል። በብርጭቆው መካከል የሚተርፈው ቁርጥራጭ ግን ተሰብስቦ ዳግመኛ ሲዳመጥ እልከኛ ይሆናል፤ ከእርሱ የሚወጡት ፒዜቴም ከሌሎቹ ይጠነክራሉ። ድቡልቡሎቹ ሩብ ሰዓት ዐርፈው በመዳፍ ይጠፈጠፋሉ። ሳያርፉ የተነኩ እንደ ሆነ እየተሳቡ መልሰው ይሰበሰባሉ። በመጨረሻ መካከላቸው በብርጭቆ ቂጥ ተጫን ተጫን ይደረግና፣ እንደ ፊኛ እንዳያብጥ በሹካ ወጋ ወጋ ይደረጋል።

ቲማቲሙ ተልጦና ተፈጭቶ በጨው፣ በዘይትና በጥቂት ባዚሊኮ ይጣፈጣል። ባዚሊኮ የበሶብላ ዘመድ ነው። ለትልቁ ፒዛ ቲማቲሙ ጥሬውን ይፈስሳል፤ ለፒዜታ ግን ውሃው እንዲቀንስ ለጥቂት ደቂቃ እሳት ላይ መጣድ ይኖርበታል። ለአንዷ አንድ የሻይ ማንኪያ ይበቃል። ከዚህ በላይ ማፍሰስ ልግስና ሳይሆን መካከሏን ማላቆጥ ነው። ሞዛሬላም ብዙ ውሃ ስለሚይዝ፣ በጥቃቅኑ ተቆርጦ አንድ ሰዓት ያህል በማጥለያ ላይ ይቀመጣል። በኢትዮጵያ ቤቶች የሚዘጋጀው አይብ በእርሱ ፋንታ ቢደረግ ግን አይቀልጥም። አሬራው በሙቀትና በራሱ ኮምጣጣነት የረጋ በመሆኑ፣ ምድጃ ሲያገኘው ይደርቃል እንጂ አይሳብም። ጣዕሙ መጥፎ ላይሆን ይችላል፤ ሆኖም ፒዜታዋ ሌላ ምግብ ሆናለች። አይብ ጭራሽ የማይገባበትም አለ። «ማሪናራ» የሚባለው የናፖሊ ፒዛ ቲማቲም፣ ነጭ ሽንኩርት፣ የጦስኝ ዘመድ የሆነው ኦሪጋኖና ዘይት ብቻ ያለበት ስለ ሆነ፣ ለጾመኛ እንግዳ በዚያው መልክ ሊቀርብ ይችላል። ምድጃ በሌለበት ቤት ደግሞ ናፖሊዎች «ሞንታናራ» የሚሏት አለች፤ ሊጧ በጋለ ዘይት ተጠብሳ ከወጣች በኋላ ቲማቲሙና አይቡ ከላይ ይደረግባታል።

የጋባዡ ችሎታ ከሁሉ ይልቅ የሚፈተነው በመጋገሩ ሰዓት ነው። ትኩስ ፒዜታ ዕድሜዋ ከዐሥር ደቂቃ ብዙም አይበልጥም፤ ከቀዘቀዘች አይቡ እንደ ላስቲክ ይሆናል። እንግዶች ከገቡ በኋላ ሁሉን ከጥሬው ልጀምር የሚል ጋባዥ፣ እጁ በዱቄት እንደ ተለወሰ ማድ ቤት ይውላል፤ እንግዶቹም ባለቤት በሌለበት ሳሎን እርስ በርስ ይተያያሉ። የተጠሩት ግን ፒዛ ለመብላት ብቻ ሳይሆን እርሱን ለማየትም ነበር። ልምድ ያለው ሰው ስለዚህ ሥራውን ለሁለት ይከፍለዋል። ቀደም ብሎ ፒዜቴዎቹን ቲማቲም ብቻ ቀብቶ በ220 ዲግሪ ለ7 ደቂቃ ያህል ይጋግርና ሳይጠቁሩ ያወጣቸዋል። ይህ እንግዳ ከመምጣቱ ሦስት ወይም አራት ሰዓት በፊት ሊሠራ ይችላል። እንግዶቹ ተቀምጠው መጠጥ ሲቀዳላቸው አይቡን ያደርግና ለ4 ደቂቃ መልሶ ያስገባቸዋል። አይቡ ዘግይቶ ስለ ገባ አያርርም፤ ሊጡም የመጀመሪያውን እሳት ስለ ቀመሰ አይላቁጥም። ባዚሊኮው የሚነሰነሰው ከምድጃ ከወጡ በኋላ ነው፤ አለዚያ ይጠቁራል።

ከዐሥራ ሁለት የማይበልጡት በአንድ ትሪ ይቀርባሉ፤ እነርሱ ሲያልቁ ሁለተኛው ትሪ ከምድጃ ይወጣል። ራት ተከትሎ የሚቀርብ ከሆነ ለአንድ ሰው ሦስት ይበቃዋል። «በሞቴ፣ አንድ ድገሙ!» ማለት የጋባዥ ክብር በሆነበት አገር ይህ ቁጥር ንፉግነት ሊመስል ይችላል። ነገር ግን በሦስቱ ፈንታ ስድስት የበላ እንግዳ ወጡ ሲቀርብ እጁን ይሰበስባል፤ ቀኑን ሙሉ የተደከመበት ራትም ሳይነካ ይመለሳል። ስለዚህ ጋባዡ ሁለተኛው ትሪ ባዶውን ሲመለስ ሦስተኛ ሳይጨምር፣ እንግዶቹ ገና ምራቃቸውን እየዋጡ ሳለ፣ እጅ ማስታጠቢያውን ይዞ ይነሣል።

አዲስ ቃላት

ላቆጠ፦ ረጥቦ እንደ ሙቅ ሆነ። ኩፍ አለ፦ ቦክቶ ወደ ላይ ተነሣ። ልሙጥ፦ ሻካራነት የሌለው። ንፉግ፦ ያለውን ለሌላው የማይሰጥ። አሬራ፦ ቅቤው የወጣለት እርጎ።

ጥያቄዎች

1. ምንባቡ ፒዜታን ከእንጎቻ ጋር ያነጻጸረው ለምንድን ነው? ልዩነታቸውስ በምን ላይ ነው?
2. ስፋቷ 8 ሳንቲ ሜትር የሆነ ፒዜታ ጠርዟ ግማሽ ሳንቲ ሜትር ባዶ ቢተው፣ ከገጿ ስንት በመቶው ይሸፈናል?
3. ሥራው ለሁለት መከፈሉ ለጋባዡ ምን ይጠቅመዋል? ለሊጡስ?
4. በአካባቢያችሁ ግብዣ ላይ ከዋናው ምግብ በፊት የሚቀርብ አንድ ነገር መርጣችሁ፣ አሠራሩን ከነምክንያቱ በሦስት አንቀጽ ግለጹ።