መርከቧ ስንቋን ጭና ሳትከፍል ስትሄድ

ለመርከብ ነዳጅ፣ ቀለብ፣ ገመድ ወይም መለዋወጫ አቅርቦ ገንዘቡን ያላገኘ ነጋዴ ብዙ ጊዜ የሚጣደፈው ዕዳውን ለማስላት ነው። አስቀድሞ መመለስ ያለበት ጥያቄ ግን ዕቃውን ያዘዘው ማን ነው የሚለው ነው። በጊዜ ኪራይ በተያዘች መርከብ ላይ ነዳጁን የሚገዛው ተከራዩ ሲሆን ተረክበው የሚፈርሙት ካፒቴኑና መሐንዲሱ ደግሞ የባለመርከቡ ሠራተኞች ናቸው። ተከራዩ የከሰረ ዕለት አቅራቢው ወደ መርከቧ ይዞራል፤ ባለመርከቡም «እኔ አላዘዝኩም» ይለዋል። ክርክሩን የሚያሸንፉትም የሚሸነፉትም በአብዛኛው እዚህ ላይ ነው።

ስለዚህ ሥራው የሚጀምረው የነዳጁ ቱቦ ከመገጠሙ በፊት ነው። ትዕዛዙ የመጣው በወኪል ከሆነ ወኪሉ የሚሠራው ለማን እንደሆነ በጽሑፍ ያስመልሱ፤ የየትኛው አገር ሕግ እንደሚገዛችሁም ውሉ ላይ ያስፍሩ። በርክክብ ሰነዱ ላይ ከመርከቧ ስም ጋር ባለሰባት አሐዝ የአይኤምኦ (የዓለም አቀፉ የባሕር ጉዳይ ድርጅት) መለያ ቁጥሯ ይጻፍ፤ ስም፣ ባለቤትና ባንዲራ ይለዋወጣሉ፣ ቁጥሩ ግን አይለወጥም። ለነዳጅ ከመርከብ የሚመጣ ብክለትን የሚከላከለው የማርፖል ስምምነት ስድስተኛ አባሪ ጥሩ መሣሪያ ሰጥቷል። መጠኑን፣ እፍጋቱንና የሰልፈር ይዘቱን የያዘው የርክክብ ሰነድ ለ3 ዓመት፣ ታሽጎ የተፈረመበት ናሙና ደግሞ ቢያንስ ለ12 ወር መቆየት አለባቸው። እርስዎም የራስዎን የታሸገ ናሙና ያስቀሩ፤ ክፍያው ሲዘገይ «ነዳጁ ጥራት የለውም» የሚል ቅሬታ መምጣቱ የተለመደ ነውና።

ቀጥሎ የሚመጣው የቦታ ምርጫ ነው፤ ያው ዕዳ በአንዱ ወደብ ኃይል ያለው፣ በሌላው ባዶ ሊሆን ይችላል። በአሜሪካ ሕግ በባለመርከቡ ወይም እሱ በወከለው ሰው ትዕዛዝ ለመርከቧ አስፈላጊ ዕቃ ያቀረበ ሰው በራሷ በመርከቧ ላይ የመያዣ መብት ያገኛል። ተከራይም ሥልጣን እንዳለው ይገመታል። በእንግሊዝ ግን የ1981ዱ የፍርድ ቤቶች ሕግ መርከቧን ለማሳገድ ባለዕዳው ራሱ ባለቤቷ ወይም ሙሉ በሙሉ ተረክቦ የሚያስተዳድራት ተከራይ እንዲሆን ይጠይቃል፤ የጊዜ ተከራይ ዕዳ አይበቃም። የመሃል ነጋዴ ሲገባበት ነገሩ ይበልጥ ይወሳሰባል። እ.ኤ.አ. በኖቬምበር 2014 የዴንማርኩ የመርከብ ነዳጅ ነጋዴ ኦ.ደብሊው በንከር ሲከስር፣ ነዳጁን በእጃቸው ያስረከቡት አቅራቢዎችና የኩባንያውን ሒሳብ የተረከበው አይኤንጂ ባንክ አንዱን ባለመርከብ ከሁለት በኩል ክፈለን አሉት። የእንግሊዝ ጠቅላይ ፍርድ ቤት በ2016 በሬስ ኮጂታንስ ጉዳይ ባለመርከቡ የውል አጋሩ ለሆነው ወገን እንዲከፍል ወሰነ። በርካታ የአሜሪካ ይግባኝ ፍርድ ቤቶችም ትዕዛዙን ከመሃል ነጋዴው የተቀበለውን አቅራቢ የመያዣ መብት የለህም ብለዋል። ነዳጁን የሰጠ ሁሉ ባለመብት አለመሆኑን ከዚህ የበለጠ የሚያሳይ ጉዳይ አላውቅም።

ከዚያ አጭር ቀነ ገደብ ያለው የክፍያ ጥያቄ ለተከራዩም ለባለመርከቡም ይላኩ። መልስ ካጡ የመርከቧን ጉዞ ተከታትለው በምትደርስበት ወደብ ጠበቃ ይያዙና እግድ ይጠይቁ። «ማሳገድ ውድ ነው፣ ደንበኛም ያስቀይማል» የሚሉ አሉ። ዕዳው ከእግዱ ወጪ ካነሰ እውነት አላቸው፤ በደብዳቤና በአነስተኛ የግልግል ዳኝነት መጨረስ ይሻላል። ዕዳው ከፍ ያለ ሲሆን ግን የባለመርከቡ ኩባንያ ከዚያች አንዲት መርከብ ሌላ ንብረት ላይኖረው ይችላል፤ እሷም ነገ ትነሣለች። ከታገደች የምትከስረው በየቀኑ ስለሆነ ባለቤቱ የባንክ ዋስትና አስይዞ ያስለቅቃታል፤ ክርክሩም በዋስትናው ላይ ይቀጥላል። «ያላዘዘ ለምን ይከፍላል?» የሚለው ተቃውሞ የበለጠ ክብደት አለው። ሆኖም ባለመርከቡ ተከራዩ መርከቧን በዕዳ ማስያዝ እንደማይችል ከርክክቡ በፊት ለአቅራቢው በጽሑፍ ማሳወቅ ይችላል። ነዳጁ ከገባ በኋላ ሰነዱ ላይ የሚመታ ማኅተም ግን የዘገየ ነው።

ጊዜንም አይዘንጉ። በእንግሊዝ የውል ዕዳ የይርጋ ዘመኑ 6 ዓመት ቢሆንም፣ ክስ ሳይከፈት መርከቧ ከተሸጠች በእሷ ላይ ያለው የማሳገድ መብት ይጠፋል። ክሱን መርከቧ ወደቡ ሳትደርስ ማስከፈት ይቻላል፤ መጥሪያውን ለማድረስም 12 ወር አለ። መርከቧ በፍርድ ቤት ከተሸጠች ደግሞ የባሕረኞቹ ደመወዝ ከእርስዎ ይቀድማል፤ ዋጋዋ ስንት ያወጣል፣ ከፊትዎ ስንት ዕዳ ተሰልፏል የሚለውን እግዱን ከመጠየቅዎ በፊት ከጠበቃዎ ጋር ያስሉ።