ደጁን አስቀድሞ የሚያዘጋጅ ትል

በፈረንሳይ አገር ዣን አንሪ ፋብር የሚባል ሊቅ ነበረ። እንደ ኤውሮፓ አቆጣጠር በ1823 ከድኻ ገበሬዎች ተወለደ፤ ብዙ ዘመንም መምህር ሆኖ አስተማረ። በ1879 በሴሪኛን መንደር ድንጋያማ መሬት ገዝቶ፣ በ1915 እስኪሞት ድረስ በዚያ የትንንሽ ፍጥረቶችን ኑሮ ሲመረምር ኖረ።

የብርድ ወራት ሲቀርብ ፋብር በትል የተበላውን ግንድ መርጦ እንዲያመጣለት እንጨት ሻጩን ይለምነው ነበር። ሰውየውም ይሥቅ ነበር፤ ደኅናው እንጨት ይልቅ ይነዳልና።

ግንዱ ሲፈለጥ ጣት የሚያህል ነጭ ትል ይገኝበታል። ይህ ትል የጥንዚዛ ልጅ ነው። ዓይን የለውም፤ መንጋጋው ግን ጥቁርና ብርቱ ነው። ኦክ የሚባለውን ጠንካራ ዛፍ እየበላ፣ በበላውም መንገድ እየሄደ፣ ሦስት ዓመትና ከዚያም በላይ በጨለማ ይኖራል። በመጨረሻ ቀንዱ እጅግ የረዘመ ትልቅ ጥቁር ጥንዚዛ ይሆናል።

ጥንዚዛው ራሱ እንጨቱን በስቶ ይወጣልን? ፋብር ይህን ለማወቅ የኦክ ግንድ ሰንጥቆ ውስጡን ቦረቦረ፤ ጥንዚዛዎችንም ከተተበት፤ ክፋዮቹንም ገጥሞ በሽቦ አሰረ። በሰኔ ወር ከውስጥ የመፋቅ ድምፅ ተሰማ። የሚበሱት እንጨት ከአንድ ጣት ውፍረት እምብዛም አይበልጥም ነበር፤ ነገር ግን አንድ ስንኳ አልወጣም። ግንዱ ሲከፈት ሁሉም ሞተው ተገኙ። የፋቁትም ዱቄት አንድ ቁንጥር አይሞላም ነበር።

የሞቱበት ምክንያት ከትሉ ሥራ ይታወቃል። ትሉ ከመለወጡ በፊት ወደ ግንዱ ዳር ይመጣል፤ ቀጭን ቅርፊት ብቻ አስቀርቶ ደጁን ይከፍታል። ከዚያ ጥቂት ወደ ውስጥ ተመልሶ ጓዳ ይቆፍራል፤ በለስላሳ ፍቅፋቂ ያነጥፈዋል፤ አፉንም በክዳን ይዘጋል፤ ራሱንም ወደ ደጁ አድርጎ ይተኛል። ጥንዚዛው ገላው ደረቅ ስለ ሆነ በጓዳው ውስጥ መዞር አይችልም፤ ትሉ ራሱን ወደ ውስጥ አድርጎ ቢተኛ ኖሮ ጓዳው መቃብሩ በሆነ ነበር። ዓይን የሌለው ትል ዓይን ላለው ጥንዚዛ መንገድ ማበጀቱ እጅግ ያስደንቃል። ፋብር የቦረቦረው ቤት ሰፊ ነበር፤ ደጅ ግን አልነበረውም።

እንጨት የሚበላ ትል ለመመልከት የሚያኖር ሰው እንግዲህ ከነግንዱ ያኑረው። አዝኖለት አውጥቶ በንጹሕ ሣጥን ለስላሳ ሣር ቢያነጥፍለት ይገድለዋል። የፋብርን ጥንዚዛ ግን የኤውሮፓ አገሮች በ1992 ባወጡት ሕግ መያዝ ክልክል ነው። ሊያየው የሚወድ ሰው በሰኔና በሐምሌ፣ ሲመሽ፣ ካረጀ የኦክ ዛፍ አጠገብ ቆሞ ይጠብቀው።