የአባትሽ ሕመምና የአንቺ ድርሻ

ልጄ፣

«እትዬ፣ ሐኪሞቹ በሽታው ምን እንደሆነ ነገሩን እንጂ እንዴት እንደምንኖር አልነገሩንም» ብለሽ የጻፍሽው ደረሰኝ። አባትሽ ለእኔ ታናሽ ወንድም ነው፤ ሀንቲንግተን ተገኘበት ሲሉኝ ክው ነው ያልኩት። በሽታውን ግን አውቀዋለሁ። ሜሪላንድ ውስጥ ነርስ ሆኜ ስሠራ በነርሲንግ ሆምም በየቤቱም እንዲህ ያሉ ሕሙማንን አስታምሜያለሁ፤ ከሐኪሞቹ ይልቅ ከቤተሰቦቻቸው ብዙ ተምሬያለሁ። የማውቀውን በቁጥር አድርጌ ጽፌልሻለሁ። አንዳንዱ ዛሬ ይጠቅምሻል፣ አንዳንዱ ከዓመታት በኋላ።

1. በሽታውን በስሙ ጥሩት። የአባትሽ እጅ መወራጨቱ፣ ሲራመድ መንገዳገዱ፣ ፊቱ ሳያዝዘው መኮማተሩ መጠጥ አይደለም፣ ዛር አይደለም፣ የማንም እርግማን አይደለም። በአራተኛው ክሮሞዞም ላይ ባለ አንድ ጂን ውስጥ ሲ፣ ኤ፣ ጂ የሚባሉ ሦስት የዘረ መል ፊደላት ከልክ በላይ ይደጋገማሉ። ድግግሞሹ 26 ወይም ከዚያ በታች ከሆነ ችግር የለም፤ 40 ከደረሰ ግን ሰውየው ዕድሜ እስካገኘ ድረስ በሽታው አይቀርለትም። ከ36 እስከ 39 ያለው ሊታመምም ላይታመምም ይችላል። ብዙውን ጊዜ ከ30 እስከ 50 ባለው ዕድሜ ይጀምርና ከ15 እስከ 20 ዓመት እየገፋ ይሄዳል። «የፈረንጅ በሽታ ነው፣ እኛ ዘንድ የለም» የሚሉሽ ይኖራሉ። እውነት ነው፣ የአውሮፓ ዘር ባላቸው ሰዎች ላይ ይበዛል፤ በአፍሪካ ግን የለም ማለት አይደለም። ስሙን ሳያውቀው ስንቱ ሰካራም፣ ስንቱ እብድ እየተባለ እንደተቀበረ እግዜር ነው የሚያውቀው። አሜሪካዊው ሐኪም ጆርጅ ሀንቲንግተን እ.ኤ.አ. በ1872 በሽታውን ሲገልጽ ገና ወጣት ነበር። አባቱና አያቱም ሐኪሞች ስለነበሩ በሎንግ አይላንድ ያሉ ቤተሰቦችን ከአያት እስከ ልጅ ተከታትለዋል፤ በዚያም አገር ቢሆን ቤተሰቦቹ ይፈሩታል እንጂ አይጠሩትም ነበር።

2. «ቁርጥ አባቷን» የሚለውን እርሺው። አባትሽ ይህን ጂን ለእያንዳንዱ ልጁ የማውረስ ዕድሉ ሃምሳ በመቶ ነው። ይህ ማለት ከአራታችሁ ሁለታችሁ ትታመማላችሁ ማለት አይደለም፤ አራታችሁም ልትድኑ፣ አራታችሁም ልትይዙት ትችላላችሁ። ለእያንዳንዱ ልጅ ዕጣው እንደ አዲስ ይጣላል። ወንድ ሴት አይልም። ጂኑን ያልወረሰ ልጅ ለልጆቹ አያወርሰውም፤ አንድ ትውልድ ዘሎ የሚመጣም አይደለም። በብዙ ቤት ያየሁት ክፉ ነገር አለ። ቤተሰቡ ሳይነጋገር አንዱን ልጅ «የሚታመመው እሱ ነው» ብሎ በልቡ ይመድበዋል፤ መልኩ የአባቱ ስለሆነ፣ ወይም ቁጡ ስለሆነ፣ ወይም አንድ ቀን ሻይ ስለደፋ ብቻ። ልጁም የተመደበበትን ያውቃል፣ ትምህርቱን ይተዋል። መልክና ጠባይ ስለዚህ ጂን ምንም አይናገሩም። ወንድምሽን በዚህ ዓይን እንዳታዪው።

3. ለዘመድ ንገሪ። ይህ ግዴታ ነው ብዬ አምናለሁ፤ እናትሽ እንደማትስማማም አውቃለሁ። «የአክስትሽ ልጅ ልታገባ ነው፣ አሁን ይህ ከተሰማ ሰርጉ ይፈርሳል» ትላለች። እኛ ለጋብቻ እስከ ሰባት ቤት የምንቆጥር ሰዎች ነን፤ የቅድመ አያታችንን አባት ስም እንደ ውሃ እንጠራለን፣ በምን እንደሞተ ሲጠየቅ ግን ዝም ነው። ደሴ ያለችው አክስትሽ ወንድሟ ምን እንደታመመ የማወቅ መብት አላት፤ ጉዳዩ የእሷ ደምና የልጆቿ ደም ነው። ስትነግሪያት ሁሉንም በአንድ ትንፋሽ አትዘርግፊባት። የበሽታውን ስም፣ በዘር የሚወረስ መሆኑን፣ ምርመራ መኖሩንና ማንም የመመርመር ግዴታ እንደሌለበት ንገሪያት፤ ለመጀመሪያው ቀን ይበቃል። በተቻለ መጠን አባትሽ ራሱ ፈቅዶ ይንገራት። እምቢ ካለ ተዪው፣ በሌላ ቀን እንደገና ጠይቂው።

4. መመርመር ግን የራስሽ ጉዳይ ነው። አባትሽም፣ እጮኛሽም፣ እኔም ልናስገድድሽ አንችልም። ናንሲ ዌክስለር የምትባል አሜሪካዊት ሳይንቲስት አለች። እናቷ በዚህ በሽታ መያዟ የታወቀው እ.ኤ.አ. በ1968 ነው፤ አባቷ በዚያው ዓመት ለምርምሩ ድርጅት አቋቋመ። ናንሲ ቬንዙዌላ ውስጥ በማራካይቦ ሐይቅ ዳርቻ በሽታው ወደበዛባቸው መንደሮች ለዓመታት እየተመላለሰች የሺዎችን ደምና የዘር ሐረግ ሰበሰበች። በዚያ ሥራ ምክንያት የጂኑ ቦታ በ1983 ተጠቆመ፣ ጂኑ ራሱ በ1993 ተገኘ፣ የደም ምርመራውም ትክክለኛ ሆነ። እሷ ግን ስለ ራሷ ሁኔታ ለአሥርተ ዓመታት በአደባባይ አልተናገረችም፤ መታመሟን የገለጸችው በ2020 ነው። መንገዱን ለዓለም የጠረገችው ሴት ስለ ራሷ መቼ እንደምትናገር ራሷ ነው የወሰነችው። በእርግጥም አንቺ ባለሽበት ሁኔታ ካሉት ሰዎች አብዛኞቹ አይመረመሩም፤ ፈሪዎች ስለሆኑም አይደለም።

ልመርመር ካልሽ ግን በየሱቁ በሚሸጥ ኪት ወይም በጓደኛ ክሊኒክ በኩል እንዳታደርጊው። የዘረ መል አማካሪ ያለበት ቦታ ሂጂ፤ ከምርመራው በፊትም በኋላም ያነጋግሩሻል፤ ደምሽን ከሰጠሽ በኋላም ቢሆን ውጤቱን አልሰማም የማለት መብት አለሽ። ውጤት በሚነገርሽ ቀን ወንድምሽን ይዘሽ አትሂጂ፣ የእሱም ዕጣ ያልታወቀ ነውና፤ ጓደኛ ይዘሽ ሂጂ። ምልክት የሌለበትን ሕፃን አታስመርምሩ፤ አሥራ ስምንት ሞልቶት ራሱ ይወስን። አንድ የገንዘብ ነገር ልጨምርልሽ። በ2008 የወጣው የአሜሪካ ሕግ የጤና ኢንሹራንስና አሠሪ በዘረ መል ውጤት እንዳያገልሉሽ ይከለክላል፤ የሕይወት ኢንሹራንስን፣ የአካል ጉዳት ኢንሹራንስንና የረጅም ጊዜ እንክብካቤ ኢንሹራንስን ግን አይነካም። ስለዚህ ኢንሹራንስ የሚገባ ሰው አስቀድሞ ይግባ። ደግሞ «የለብሽም» ቢሉሽ ደስታ ብቻ የሚሰማሽ እንዳይመስልሽ። ነፃ የተባሉ ልጆች «ለምን እኔ ዳንኩ፣ እሱ ተያዘ» እያሉ ሲያለቅሱ አይቻለሁ።

5. በቁጣው አትፍረጂበት። ሰዉ የሚያየው የሚወራጨውን እጅ ነው፤ ቤት የሚያፈርሰው ግን ጠባዩ ነው። አባትሽ በትንሽ ነገር ይቆጣል፣ አንድ ሐሳብ ይዞ ቀኑን ሙሉ ይደጋግማል፣ ወይም ደግሞ ከሶፋ አልነሳም ይላል። ስንፍና አይደለም፤ የመጀመር አቅሙን አንጎሉ ነው የከለከለው። እጁ እየተወራጨ «እኔ ምንም አልሆንኩም» ቢልሽ አይዋሽም። በሽታው የራሱን እንቅስቃሴ እንዳያውቅ ያደርገዋል፤ ቪዲዮ ቀርፀሽ ለማሳመን አትሞክሪ፣ ውርደት ብቻ ነው የሚሰማው። «ምን ትበላለህ?» አትበዪው። «ሽሮ ነው ፍርፍር?» በዪውና ዝም ብለሽ ጠብቂ። መልሱ ይዘገያል፤ ሰው ሁሉ የሚሳሳተው እዚህ ላይ ነው፣ ዝም ሲል ያልገባው እየመሰላቸው ጥያቄውን ይለውጡበታል፣ እሱም እንደገና ከመጀመሪያው ይነሳል። ይገባዋል። ንግግሩ ከጠፋ በኋላም ብዙ ነገር ይገባዋል፤ ስለዚህ በፊቱ እንደሌለ አድርጋችሁ ስለ እሱ አታውሩ። ምሳ በሰባት ሰዓት ከሆነ ሁልጊዜ በሰባት ሰዓት ይሁን።

በዚህ በሽታ ራስን የማጥፋት ሐሳብ ከሌላው ሰው ይበዛል፤ በተለይ በሽታው ሊታወቅበት ሲቃረብና ሰውየው ሥራውን መልቀቅ ሲጀምር። «መሞት ይሻለኛል» ካለ «ዝም በል፣ እንዲህ አይባልም» ብላችሁ አትለፉት፤ በዚያው ቀን ለሐኪሙ ደውሉ። ድብርቱ በመድኃኒት የሚረዳ ነው።

6. ምግቡን ተማሪ። እንቅስቃሴው ጉልበቱን ስለሚበላው ክብደቱ ይቀንሳል፤ ከድሮው በጣም የበለጠ ምግብ ሊያስፈልገው ይችላል። ያሳደገን ምግብ እዚህ ላይ ያዋጣል፤ ቅቤ የገባበት ገንፎ ለእንዲህ ዓይነት ሰው ድንቅ ነው። ቆሎና ዳቦ ቆሎ ግን ከቤት ይውጣ። እንጀራው ወጡ ውስጥ ርሶ፣ ሥጋው ደቅቆ ይቅረብለት። ጉርሻ መስጠት እንደምትወጂ አውቃለሁ፤ ትንሽ አድርጊው፣ የመጀመሪያውን መዋጡን ሳታዪ ሁለተኛውን አታስከትዪ። ብዙ ሰው የማያውቀው ነገር፣ ከጠጣር ምግብ ይልቅ ውሃ ሊያስቸግር ይችላል፤ ቀጭን ስለሆነ ወደ ሳንባ ይሾልካል። ሲጠጣ የሚያስል ከሆነ መዋጥን የሚመረምር የንግግር ቴራፒስት ይየው፤ መጠጡን እንዴት እንደምታወፍሩ ያሳዩዋችኋል። ሲበላ ቀጥ ብሎ ይቀመጥ፣ ቴሌቪዥኑ ይጥፋ፣ አታስቁት። በሳንባ ምች ነው ብዙዎቹ የሚሞቱት። ፆም ከሆነ የነፍስ አባቱን አነጋግሩ፤ ሕመምተኛ እንዲፆም ቤተ ክርስቲያን አታስገድድም፣ እሱን ለማሳመን ግን ከእናንተ ይልቅ የቄሱ ቃል ይሰማል።

7. ጠበል መሄድ ከፈለገ ውሰዱት። አብራችሁ ቁሙ፣ እንዳይንሸራተት ያዙት። መድኃኒቱን አቁም የሚለውን ግን አትስሙ፤ ማሰርና መግረፍ ካለበት ቦታ ይዛችሁት ውጡ። እስከ ዛሬ በሽታውን የሚያቆም መድኃኒት በገበያ ላይ የለም። እንቅስቃሴውን የሚቀንሱ አሉ፤ የመጀመሪያው ቴትራቤናዚን በአሜሪካ የተፈቀደው በ2008 ነው፣ ድብርትን ሊያባብስ ስለሚችል ክትትል ይፈልጋል። ጂኑ የሚያመርተውን ጎጂ ፕሮቲን ለመቀነስ የሚሞክሩ ሕክምናዎች በምርምር ላይ ናቸው። በምርምር መሳተፍ መልካም ነው፤ ለሙከራ ገንዘብ ክፈሉ የሚላችሁን ግን በሩን ዝጉበት።

8. ለእጮኛሽ ሽማግሌ ከመላኩ በፊት ንገሪው። ከሄደ ይሂድ። ልጅ ስትፈልጉ ፅንሱን ከማህፀን ውጭ መርምሮ ጂኑ የሌለበትን መምረጥ የሚቻልበት መንገድ አለ፤ ውድ ነው፣ ሁሉም ሰው በሃይማኖቱ አይቀበለውም። የራስሽን ውጤት ሳትሰሚም ሊሠራ ይችላል። ያለዚያም የሚወልዱ አሉ፤ በእነሱ አልፈርድም።

9. እናትሽን ጠብቂያት። እድራችን ለሞት ይደርሳል፤ ለሃያ ዓመት ሕመም ግን አልተሠራም። የማኅበሯ ሴቶች «ምን እንርዳሽ?» ሲሏት «እግዚአብሔር ይስጥልኝ፣ ምንም» ነው የምትለው። አንቺ መልሺላት። «ቅዳሜ ከአራት እስከ ሰባት ሰዓት ከአባዬ ጋር ተቀመጡልን፣ እሷ ትተኛ» በዪአቸው። የተለየ ሰዓትና የተለየ ሥራ ሲነገረው የማይመጣ ሰው ጥቂት ነው። ሶሻል ወርከሯንም አትፍሯት፤ የአካል ጉዳት ክፍያ ማመልከቻው ሥራውን ከመልቀቁ በፊት መታሰብ አለበት፣ በስንፍና ተባረረ ተብሎ ከተጻፈበት በኋላ መከራከር ከባድ ነው።

10. አባትሽን አሁን ጠይቂው። መዋጥ ሲያቅተው በሆዱ በኩል በሚገባ ቱቦ መመገብ ይፈልጋል? ቤት መሆን ይፈልጋል ወይስ እናትሽን ከሚያደክማት ነርሲንግ ሆም ይመርጣል? እሱ መናገር ሲያቅተው ማን ይናገርለት? የት ይቀበር? ይህን ሁሉ በአንድ ቀን አይደለም፤ ቡና ሲፈላ አንዱን፣ በመኪና ስትሄዱ ሌላውን። መልሱን በጽሑፍ አድርጉት፣ በሕግ ፊት እንዲጸና አስፈርሙት፣ አንዱ ቅጂ ሐኪሙ ዘንድ ይቀመጥ። ንግግሩ ዛሬ ግልጽ ነው።

የአንቺን ምርመራ ለዓመታት ብታቆዪው የሚከስሽ የለም። ለአክስትሽ ግን አባትሽን አስፈቅደሽ በዚህ ሳምንት ደውዪላት፤ የልጇ ሰርግ ለጥር ነው ብለሽኛል።