አግላይኮን እና የእንዶድ አረፋ
ጥያቄ (ከጉንደ ወይን)፦ አግላይኮን ምንድን ነው?

መልስ፦ አግላይኮን ከስኳር ጋር ተጣብቆ የሚገኝ ውሁድ (ግላይኮሳይድ) ስኳሩ ሲወገድለት የሚቀረው ክፍል ነው። ጥሩ ምሳሌው በእንዶድ ውስጥ ይገኛል። ነጠላና ጋቢ ሲታጠብበት የሚያረፋው የእንዶድ ግላይኮሳይድ፣ ሳፖኒን፣ ኦሊያኖሊክ አሲድ የተባለ አግላይኮን አለው። አግላይኮኑ ከቅባት፣ ስኳሩ ከውኃ ይስማማሉ፤ አረፋውም ከዚህ ጥምረት ይመጣል። ፍሬው ተወቅጦ በውኃ ሲዘፈዘፍ ኢንዛይም ከስኳሮቹ ከፊሉን ይቆርጣል፤ ዶክተር አክሊሉ ለማ በ1964 እ.ኤ.አ. አድዋ ላይ ያስተዋሉት፣ የቢልሃርዝያ አስተላላፊ ቀንድ አውጣን የመግደል ኃይልም ያኔ ይበረታል። ከስኳሮቹ ከፊሉ የተቆረጠለት ሳፖኒን ግን ገና አግላይኮን አይደለም፤ ስሙ የሚገባው ስኳሩ ሙሉ በሙሉ ሲወገድ ነው። ዘይት ስኳር ባይኖረውም ከግላይኮሳይድ ስላልወጣ አግላይኮን አይባልም።