በአጭር ሥነ ሥርዓት ስለሚታይ የገንዘብ ክስና ስለ መከላከያ ማስፈቀጃ

ነጋዴ ዕቃውን በዱቤ ሲሰጥ የሚተማመነው በገዢው ቃል ብቻ ሳይሆን በሕግም ጭምር ነው። የመክፈያው ቀን ካለፈ በኋላ ክሱ ከቀጠሮ ወደ ቀጠሮ ሲዞር ቢቆይ፣ ገንዘቡ በመጨረሻ ቢገኝ እንኳ ሊነግድበት ይችል የነበረው ጊዜ አይመለስለትም። በ1958 ዓ.ም. የወጣው የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግ ከቁጥር 284 ጀምሮ ለእንዲህ ያለው ዕዳ አጭር መንገድ ደንግጓል። ይህ መንገድ ለተከሳሽ ጠባብ ነው እንጂ ዝግ አይደለም፤ ስለዚህ አበዳሪም ተበዳሪም ሊያውቀው ይገባል።

ሀ/ ለከሳሽ

በዚህ ሥነ ሥርዓት የሚጠየቀው ልኩ የታወቀ የገንዘብ ዕዳ ብቻ ነው፤ ይኸውም ከቼክ፣ ከሐዋላ ወረቀት፣ ከተስፋ ሰነድ ወይም ከሌላ ውል፣ እንዲሁም ለዚሁ ዓይነት ዕዳ ከተሰጠ ዋስትና የመጣ ነው። ወለድም ሊታከልበት ይችላል። «ዕቃው ስለዘገየ ትርፍ ቀረብኝ» የሚል የኪሣራ ጥያቄ ግን ልኩ ገና በማስረጃ የሚመዘን ስለ ሆነ በዚህ መንገድ አይሄድም።

ከሳሹ በአጭር ሥነ ሥርዓት እንዲታይለት መፈለጉን በክሱ ላይ ይጽፋል፤ የዕዳውን ምክንያትና ልክ የሚያረጋግጥ፣ ተከሳሹም መከላከያ የሌለው መሆኑን ማመኑን የሚገልጽ ቃለ መሐላ ያያይዛል። የሚምለውም ነገሩን በእርግጥ የሚያውቅ ሰው ነው።

ለ/ ለተከሳሽ

መጥሪያ የደረሰው ሰው እንደ ሌላው ክስ «በቀጠሮው ቀርቤ መልስ እሰጣለሁ» ብሎ ቢቀመጥ ትልቅ ጉዳት ያገኘዋል። አስቀድሞ፣ በመጥሪያው በተመለከተው ጊዜ ውስጥ፣ መከላከያ ለማቅረብ ፍርድ ቤቱን ማስፈቀድ አለበት። ዝም ቢል በተጠየቀው ገንዘብ ይፈረድበታል፤ ፍርዱም ወዲያው ሊፈጸም ይችላል።

የማስፈቀጃው ማመልከቻም በቃለ መሐላ ይደገፋል፤ መከላከያው ለዕዳው በሙሉ ወይስ ለከፊሉ መሆኑንም ይገልጻል። «ዕዳ የለብኝም» ብሎ መካድ ብቻውን አይረዳም፤ ተከፍሎ ከሆነ መቼና በየትኛው ደረሰኝ፣ ዕቃው ተበላሽቶ ከሆነ ምን ያህሉ እንደ ሆነ መዘርዘር ያሻል።

ለምሳሌ አንድ ነጋዴ የ200,000 ብር ስኳር በዱቤ ተረክቦ የ50,000 ብሩ ረጥቦ ቢያገኘው፣ ክርክሩ በዚያው ክፍል ላይ ነው። ፍርድ ቤቱ ባልተካደው 150,000 ብር ወዲያው ፈርዶ፣ ለቀሪው መከላከያ ሊፈቅድ ይችላል። ይህ ነጋዴ ሳያስፈቅድ ጊዜው ቢያልፍ ግን የረጠበውን ስኳር ዋጋ ጭምር ይከፍላል።

ሐ/ ስለ መዘግየት

መከላከያ ከተፈቀደ ክሱ እንደ መደበኛ ክስ ይቀጥላል፤ ቀጠሮውም፣ ምስክሩም፣ ወጪውም ይመለሳል። ይህንኑ በማሰብ ፍርድ ቤቱ ፈቃዱን ያለ ግዴታ ወይም ዋስትና በማስያዝ ሊሰጥ ሥልጣን አለው። መጥሪያው በሚገባ ያልደረሰ እንደ ሆነም ፍርዱ ሊነሣና ነገሩ እንደገና ሊከፈት ይችላል። ስለዚህ ቸኩሎ የተሳሳተ አድራሻ የሰጠ ከሳሽ የሚያዘገየው ራሱን ነው።

አባቶች «ከነገሩ ጦም እደሩ» ይላሉ። ከነገር መራቅ ባይቻል እንኳ፣ ገዢው የፈረመበት የርክክብ ወረቀት፣ ቀን ያለው ደረሰኝና ትክክለኛ አድራሻ በመዝገብ ቤት ቢጠበቁ፣ ለሚጠይቅም ለሚከላከልም ጊዜን ያተርፋሉ።