ጉል፦ ከበረሃ እስከ ፊልም
ልጆቻችን በፊልም የሚያዩት ሬሳ በላተኛ ጭራቅ የምዕራባውያን ፈጠራ ብቻ ይመስላቸዋል። አንዱ ሥሩ ግን የዐረብ በረሃ ነው። በጃሂሊያ ዘመን ዐረቦች «ጉል» መልኩን እየለዋወጠ መንገደኛን አሳስቶ ያጠፋል ብለው ይፈሩ ነበር። ነቢዩ (ሰ.ዐ.ወ) ይህን እምነት ውድቅ እንዳደረጉት በሶሒሕ ሙስሊም ተዘግቧል። ሆኖም ፈረንሳዊው ጋላን እ.ኤ.አ. ከ1704 ጀምሮ ባሳተመው የ«ሺህ አንድ ሌሊት» ትርጉም ጉል መቃብር ለቃሚ ሆኖ አውሮፓ ገባ፤ በ1968 በወጣው የጆርጅ ሮሜሮ ፊልምም ዳግም የተነሡት ሙታን በዚሁ ስም ተጠሩ።

ውድ አንባቢያን! ጂን መኖሩን ቁርኣን ነግሮናል፤ ነገር ግን እርሱም እንደኛው በአላህ ፊት ተጠያቂ የሆነ ፍጡር ነው። ፍጡርን ከልክ በላይ ስንፈራ የሚያተርፈው ጠንቋይ ነው። ስለዚህ እኔ የምለው፦ ፊልሙን መከልከል ብቻውን አይበቃም። ልጆቻችንን «ጭራቅ መጣ!» እያልን የምናስተኛው እኛው ነንና፣ አስቀድመን ይህን ልማድ እንተው።