ስለ ማኅፀን መውረድና በመዝገብ ስለሚጻፍበት ቍጥር

ዛሬ ለመምህራንና ማንበብ ለሚችሉ የከተማ ነዋሪዎች ልንገልጽ ያሰብነው ስሙ በሰው ፊት ስለማይነሣ አንድ ሕመም ነው፤ ይኸውም የሴቶች ማኅፀን መውረድ ነው። ከዚሁም ጋር ሕመሙ በሐኪም ቤት መዝገብ የሚጻፍበትን የቍጥር ሥርዐት እናስረዳለን። የቍጥሩ ነገር የጸሐፊ ሥራ ብቻ መስሎ የሚታያቸው ብዙዎች ናቸው። ነገር ግን ሕመሟ በትክክል ያልተመዘገበላት ሴት፣ መድኀኒትና ሐኪም በሚመደብበት ጊዜ እንደሌለች ትቈጠራለች።

በዳሌ ውስጥ ማኅፀንን፣ የሽንት ፊኛንና የአንጀትን ጫፍ ደግፈው የሚይዙ ጡንቻዎችና ጅማቶች አሉ። እነዚህም በወሊድ ጊዜ ስለሚለጠጡ፣ ይልቁንም ምጡ የረዘመ ወይም ወሊዱ የተደጋገመ እንደ ሆነ ኀይላቸው ይደክማል፤ የዕድሜ መግፋት፣ ሥር የሰደደ ሳል፣ የሆድ ድርቀትና ከባድ ሸክም ደግሞ ድካሙን ያብሱታል። ከዚህ በኋላ ሴትዮዋ እንደ እብጠት ያለ ነገር ወደ ውጭ ሲገፋ ይሰማታል፤ ቀኑን ቆማ ወይም እንስራ ተሸክማ ስትውል ወደ ማታ ይብስባታል፣ ስትተኛ ግን ይቀላታል።

በሰሜን ምዕራብ ኢትዮጵያ በዳባት ወረዳ ተደርጎ በ2013 እ.ኤ.አ. በታተመ ጥናት፣ ሕመሙ እንዳለባቸው የተናገሩት ሴቶች ከ100 6 ያህል ነበሩ፤ ከተመረመሩት መካከል ግን ከግማሽ በሚበልጡት ላይ የመውረድ ምልክት ተገኝቷል። በምርመራ የተገኘው ሁሉ ሕክምና የሚያስፈልገው አይደለም፤ ቀላሉ ፈጽሞ ላይሰማ ይችላል። ይሁን እንጂ ሕመሙ እየተሰማቸው በኀፍረት ምክንያት «ወገቤን ነው» ብለው የሚመለሱ ሴቶች መኖራቸውን በምርመራ ክፍል የሠራ ሁሉ ያውቀዋል። በመዝገብም የሚጻፈው የወገብ ሕመም ይሆናል።

ሕመሞችን በአንድ ዓይነት ስም የመመዝገብ ሐሳብ የቈየ ነው። ፈረንሳዊው ዣክ ቤርቲዮን በ1893 እ.ኤ.አ. የሞት ምክንያቶችን ዝርዝር በቺካጎ ጉባኤ አቀረበ፤ ከ1948 ጀምሮም ሥራውን የዓለም ጤና ድርጅት ተረክቦታል። በዐሥረኛው እትም የማኅፀንና የአካባቢው ብልቶች መውረድ ኤን 81 ይባላል፤ ዋናው ፍሬ ነገር ግን ከነጥቡ ቀጥሎ ያለው አሃዝ ነው። ፊኛው ብቻ ወደ ብልት መንገድ ቢወርድ 81.1፣ የአንጀት ጫፍ ቢሆን 81.6 ይጻፋል። ማኅፀን በከፊል ሲወርድ 81.2፣ ፈጽሞ ሲወጣ 81.3፣ ደረጃው ሳይገለጽ ሲቀር 81.4 ነው። ፊኛና ማኅፀን አብረው የወረዱ እንደ ሆነ በፊኛው ቍጥር አይጻፍም፤ ከ81.2 እስከ 81.4 ካሉት በአንዱ ይጻፋል እንጂ። ማኅፀኗ በቀዶ ሕክምና ከወጣላት በኋላ የብልቷ መንገድ ጣራ የወረደባት ሴት ደግሞ ከዚህ ክፍል ወጥታ በኤን 99.3 ትመዘገባለች።

81.9 ዓይነቱም ደረጃውም ያልተገለጸ ማለት ነው። በውጭ አገር በተማርንበት ሆስፒታል አንድ ሽማግሌ የመዝገብ ሹም ይህን ቍጥር የያዘ ወረቀት በደረሳቸው ጊዜ ለሐኪሙ ይመልሱለት ነበር፤ እኛም ትክክል ነበሩ እንላለን። በከፊል ለወረደ ማኅፀን የጡንቻ ማጠንከሪያ እንቅስቃሴ ወይም በውስጥ የሚደገፍ የላስቲክ ቀለበት ሊበቃ ይችላል፤ ፈጽሞ ለወጣው ግን ብዙውን ጊዜ ቀዶ ሐኪም ያስፈልጋል። የዓመቱ መዝገብ በ81.9 የተሞላ ከሆነ ስንት ቀለበት እንደሚገዛና ስንት ቀዶ ሐኪም እንደሚመደብ ከየት ይታወቃል?

ሌላው ስሕተት ይህን ሕመም ከፊስቱላ ጋር ማደባለቅ ነው። የፊስቱላ ክፍል ኤን 82 ነው፤ በፊኛና በብልት መንገድ መካከል ቀዳዳ ተከፍቶ ሽንት ሳይታዘዝ ቀንና ሌሊት ይፈስሳል። ማኅፀን የወረደባት ሴት ግን የሚሰማት መጐተትና መክበድ ነው፤ ሽንት ቢያመልጣትም በሳል ወይም በሸክም ጊዜ ነው እንጂ ሳያቋርጥ አይደለም።

ዐሥራ አንደኛው እትም በ2019 ጸድቆ ከጥር 2022 እ.ኤ.አ. ጀምሮ በሥራ ላይ ውሏል፤ በእርሱም የዚህ ሕመም ክፍል ጂሲ 40 ተብሏል። ቍጥሩ ይለወጥ እንጂ ሐኪሙ የሚጠይቀው ምን እንደ ወረደና እስከ የት እንደ ወረደ ነው።

ስለዚህ እናቱ ወይም ጎረቤቱ ምክር የጠየቀችው መምህር፣ ስንት ጊዜ እንደ ወለደች፣ ሕመሙ ከመቼ እንደ ጀመራት፣ ሽንቷ ሳይቋረጥ ይፈስስ እንደ ሆነ፣ ከዚህ ቀደም ቀዶ ሕክምና ተደርጎላት እንደ ሆነ በራሷ አነጋገር በወረቀት ጽፎ ቢሰጣት፣ በምርመራ ክፍል በኀፍረት የሚቀረውን ቃል ወረቀቱ ይናገርላታል። ሴት ሐኪም ወይም አዋላጅ ብትፈልግም ሳትፈራ ትጠይቅ። ወደ ሌላ ሐኪም ቤት በምትላክበት ጊዜ የሕመሟ ስምና ቍጥር በመላኪያው ወረቀት ላይ መስፈሩን ከመውጣቷ በፊት ታረጋግጥ፤ ተቀባዩ ሐኪም ከየት እንደሚጀምር የሚያውቀው ከዚያ ነውና።